አባት ከልጁ ጋር ቢጫወት ምን ነውር አለው?

በሞጣ ከተማ አንድ የተከበረ ሰው፣ ካፖርቱን ደርቦና ከዘራውን ይዞ ሲሄድ፣ ድንገት ቆም ብሎ ከልጆቹ ጋር የጨርቅ ኳስ ሲያባርር ቢታይ አላፊ አግዳሚው መሣቁ አይቀርም። ከሣቀም በኋላ «ምነው፣ እኒህ ሰውዬ ምን ነካቸው?» ማለቱ አይቀርም። ይኸው ሰው ልጁን ታቅፎ ከጤና ጣቢያ ደጃፍ ተሰልፎ ቢውል ግን ማንም አይሥቅበትም፤ እንዲያውም ለቤተ ሰቡ አሳቢ የሆነ ጨዋ አባት ይባላል። ለታመመ ልጅ መሰለፍ የሚያስመሰግን፣ ልጁ እንዳይታመም አብሮት መሮጥ ደግሞ የሚያሳፍር የሆነበትን ምክንያት ብዙ ጊዜ አስበንበት ልናገኘው አልቻልንም። ስለዚህ በዛሬው እሑድ ጉዳዩን ለአንባቢዎቻችን ልናቀርበው ወደድን።

በመጀመሪያ የሚነሣብንን ተቃውሞ እናውቀዋለን። «የምሥራቅ ጎጃም ሰው ከጧት እስከ ማታ ሲሠራ የሚውል ነው፤ ያርሳል፣ ያጭዳል፣ ገበያ በእግሩ ደርሶ ይመለሳል፤ ስፖርት የሚሉት ነገር ተቀምጦ ለሚውል ሰው ነው» የሚሉን ብዙዎች ናቸው። ነገሩም ውሸት አይደለም። ከሞጣ ወደ ዓባይ የሚወርደውን መንገድ በእግሩ ያየ ሰው የአካባቢውን ሕዝብ ጉልበት አይጠራጠርም። በዐፄ ፋሲለደስ ዘመን እንደ ተሠራ የሚነገረው ድልድይ በጣሊያን ወረራ ጊዜ መኻሉ ፈርሶ «ሰባራ ድልድይ» ከተባለ በኋላ፣ ከጎጃም ወደ ቤጌምድር የሚሻገረው ገበያተኛ ለብዙ ዓመታት በገመድ ታስሮ፣ ወዲያና ወዲህ በቆሙ ሰዎች እየተጎተተ ገደሉን ያልፍ ነበር። እንዲህ ያለውን ሕዝብ ሰውነትህን አንቀሳቅስ ብሎ መምከር ለቀባሪው አረዱት ሊሆንብን ይችላል።

የሆነ ሆኖ ሞጣ ዛሬ ከተማ ነው። ባለሱቁ፣ ጸሐፊው፣ መምህሩና የባጃጅ ነጂው ተቀምጠው ይውላሉ። ልጃቸውም ከትምህርት ቤት ወንበር ተነሥቶ ቤቱ ሲገባ ከሌላ ወንበር ላይ ይቀመጥና ቴሌቪዥኑን ወይም የእጅ ስልኩን ሲመለከት ያመሻል። ከዚህም በላይ ሥራና ጨዋታ በሰውነት ላይ የሚያደርጉት ነገር አንድ አይደለም። ሃያ ሊትር ውኃ በጀሪካን አዝላ፣ ጎብጣ፣ ዳገት የምትወጣ ልጅ ትደክማለች እንጂ ሰውነቷ አይፍታታም። በጨዋታ ጊዜ ግን ይችው ልጅ ትሮጣለች፣ ትዘላለች፣ ድንገት ትዞራለች፣ ትሥቃለች፤ ሲደክማትም ማንንም ሳታስፈቅድ ታርፋለች። ደግሞም ሥራ አባትን ወደ ሱቅ፣ እናትን ወደ ጓዳ፣ ልጅን ወደ ወንዝ ይልካል፤ አብረው የሚሆኑት ማታ በእራት ገበታ ዙሪያ ብቻ ነው። ያውም ሁሉም ስልኩን ካስቀመጠ ነው።

የዓለም የጤና ድርጅት በ2013 ዓ.ም. ባወጣው መመሪያ፣ ከ5 እስከ 17 ዓመት ያለ ልጅ በየቀኑ በአማካይ ቢያንስ 60 ደቂቃ ልብን የሚያመታና ትንፋሽን የሚያፋጥን እንቅስቃሴ እንዲያደርግ ይመክራል። ለጎልማሶች የተመደበው በሳምንት ከ150 እስከ 300 ደቂቃ ነው። ከ1 እስከ 4 ዓመት ያሉት ሕፃናት ደግሞ በቀን ቢያንስ ሦስት ሰዓት ሲንፈራገጡና ሲዳክሩ መዋል አለባቸው፤ ሁለት ዓመት ሳይሞላቸውም የስልክና የቴሌቪዥን መስኮት ፊት ባይቀመጡ ይሻላል ተብሏል። ሕፃኑ አላስቀምጥ ሲላት ስልክ የምታስጨብጠውን እናት ልንወቅስ አንፈልግም፤ እንጀራ የምትጋግረው፣ ቡና የምታፈላው፣ እንግዳ የምትቀበለው እርሷው ናትና። ወቀሳው በዚያን ሰዓት ልጁን ይዞ ወደ ደጅ መውጣት ለሚችለው ለአባትዬው ነው።

ስለ ፀሐይ ጥቂት ሰፋ አድርገን መናገር ያስፈልገናል። አገራችን የ13 ወር ፀሐይ ባለቤት መባሏን ሁሉም ያውቃል። ይህ ሆኖ ሳለ፣ ከፀሐይ ማጣት የሚመጣው የአጥንት መለስለስ በሕፃናቶቻችን ላይ መታየቱ የሚያስደንቅ ነገር ነው። ሐኪሞች ሪኬትስ ይሉታል። አጥንት ከምግብ የሚገኘውን ካልሲየም ወስዶ የሚጠነክረው ቪታሚን ዲ ሲያገኝ ሲሆን፣ ይኸው ቪታሚን አብዛኛውን ጊዜ የሚሠራው የፀሐይ ብርሃን ገላችንን ሲነካው ነው። ልጁ ምች ይመታዋል፣ ብርድ ይገባዋል፣ የሰው ዓይን ያርፍበታል እየተባለ ተሸፋፍኖ ከጓዳ የዋለ እንደ ሆነ፣ ጥርሱ ለመውጣት ይዘገያል፤ ለመሄድም ይዘገያል፤ ቆሞ ሲሄድም የለሰለሰው አጥንት ክብደቱን መሸከም ስለሚያቅተው እግሩ እንደ ደጋን ይጎብጣል።

ነገሩ በእግር መጉበጥ ብቻ ቢያበቃ ባልከፋ ነበር። ዶክተር ሉሉ ሙሄና ባልደረቦቻቸው በአዲስ አበባ አድርገውት በ1989 ዓ.ም. ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት የወጣው ጥናት፣ ዕድሜያቸው ከአምስት ዓመት በታች የሆኑ 500 የሳንባ ምች የያዛቸውን ሕፃናትና የሳንባ ምች የሌለባቸውን ሌሎች 500 ሕፃናት አነጻጽሮ ነበር። ከታመሙት መካከል ሪኬትስ የተገኘባቸው 210 ሲሆኑ፣ ከሌሎቹ መካከል የተገኘባቸው 20 ብቻ ናቸው። የደረቱ አጥንት የለሰለሰ ሕፃን አጥብቆ ለመተንፈስና አክታን ለማስወጣት ይቸገራል። እንግዲህ ልጁን ከብርድ ለመጠበቅ ብላ ከፀሐይ የሸሸገችው እናት፣ ሳታውቀው ከምትፈራው ከሳንባ በሽታ አቅርባዋለች ማለት ነው።

ሞጣ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 2,500 ሜትር ግድም ከፍታ ያላት በመሆኗ የቀትር ፀሐይዋ ኃይለኛ ነው። ስለዚህ ሕፃኑን የሚያሞቁት በጧቱ ፀሐይ፣ ፊቱን ከለል፣ እጅና እግሩን ገለጥ አድርገው ነው። በመስኮት መስታወት ውስጥ የሚገባው ብርሃን ለዚህ ጉዳይ አይረዳም፤ መስታወቱ የሚፈለገውን ጨረር ያስቀረዋልና፤ የግድ ከደጅ መውጣት ያስፈልጋል። አባትም አጠገቡ ተቀምጦ ቢሞቅ የሚከለክለው የለም።

የደጅ ብርሃን ለዓይንም ይጠቅማል። በቻይና አገር በጓንግዡ ከተማ በ12 ትምህርት ቤቶች በተደረገና በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ በታተመ ጥናት፣ ለግማሾቹ ትምህርት ቤቶች የአንደኛ ክፍል ልጆች በየትምህርት ቀኑ 40 ደቂቃ የደጅ ጊዜ ተጨመረላቸው። ከሦስት ዓመት በኋላ የሩቁን ማየት የተሳናቸው ከነዚህ ልጆች ከመቶው 30 ያህል ሲሆኑ፣ ካልተጨመረላቸው ግን 40 ያህል ሆነው ተገኙ። መነጽር ውድ በሆነበት አገር 40 ደቂቃ በነጻ የሚገኝ መድኃኒት ነው።

ይህን ሁሉ ለማድረግ ከውጭ አገር የምናስመጣው ጨዋታ የለም። በእጃችን ያለውን ብንቆጥረው ይበቃናል። ከሁሉ አስቀድሞ ገና አለ። ጫፉ የቆለመመ በትር ከጫካ ይቆረጣል፤ ሩሩ ከእንጨት ይጠረባል ወይም ከቆዳ ይሰፋል፤ ሜዳው ወሰን የለውም፤ በድሮው ልማድ ግቡና ግቡ ተራርቆ ተጫዋቹ ከመንደር መንደር ይሮጥ ነበር። በ1952 ዓ.ም. ጳጉሜን 5 ቀን በሮም ከተማ በባዶ እግሩ ሮጦ ያሸነፈው አበበ ቢቂላ በልጅነቱ ገና ይጫወት እንደ ነበር በታሪኩ ተጽፏል። በዚህ ጨዋታ ጌታና ሎሌ መደባደባቸው፣ ጌታም አለመቆጣቱ በአገራችን የታወቀ ነው። ከሎሌው ጋር መጋፋት ያላሳፈረው ጌታ ከነበረ፣ ከልጁ ጋር መጋፋት የሚያሳፍረው አባት ከየት መጣ? ደግሞስ ታኅሣሥ 29 ቀን ተጫውተን በትሩን እስከ ዓመቱ ከጣራ ሥር የምንሰካው ለምንድን ነው? ሩሩ በጥርና በየካቲትም ይንከባለላል።

ለትንንሾቹ አባሮሽ፣ ሰኞ ማክሰኞ፣ ገመድ ዝላይና አኩኩሉ አሉ። ሰኞ ማክሰኞን እንደ ቀላል የሚንቅ ጎልማሳ ካለ በአንድ እግሩ እየነጠረ ከዳር እስከ ዳር ይሞክረውና ያን ጊዜ እንነጋገራለን። አኩኩሉ ደግሞ አያትን ሳይቀር የሚያሳትፍ ነው፤ እሜቴ ከደጃፍ ከመደቡ ላይ ተቀምጠው የፈላጊውን ዓይን ይይዛሉ፤ ያጭበረበረውንም ይዳኛሉ። ወንዶቹ ለቡሄ የሚገምዱትን ጅራፍ ያጮኹ እንደ ሆነ ትከሻና ክንድ ይፍታታል፤ ሰው ካለበት ራቅ ይበሉ እንጂ።

የሴቶቹ ልጆች ነገር ግን በተለይ ያሳስበናል። ልጅቱ ዐሥር፣ ዐሥራ አንድ ዓመት ሲሆናት «አሁንማ ትልቅ ሆነሻል» ትባልና ሜዳው ይዘጋባታል። ወንድሟ ኳሱን ይዞ ሲወጣ እርሷ ዕቃ ታጥባለች። የምሥራቅ ጎጃም ልማድ ራሱ ግን እንዲህ አይልም። ዘመን ሊለወጥ ሲል፣ በጳጉሜን ማለቂያ፣ ልጃገረዶቹ ተሰብስበው ወደ መስክ ይወርዱና እንግጫ የሚባለውን ሣር እየዘፈኑ ይነቅላሉ፤ ከአደይ አበባም ጋር ጎንጉነው ለቤተ ሰቡ ያመጣሉ። በዚያን ቀን ሴት ልጅ መስክ መዋሏን ማንም አይነቅፍም። አባቶች በዓመት አንድ ቀን የፈቀዱትን በሳምንት አንድ ቀን ቢፈቅዱ፣ ይልቁንም አብረዋት ቢወርዱ፣ ሰው ምን ይላል የሚለው ሥጋት ራሱ ይጠፋል። ከአባቷ ጋር ስትሮጥ የታየችን ልጅ ማን ምን ይላታል?

ሜዳ የት አለ የሚለው ጥያቄ ተገቢ ነው። ከተማ ሲሰፋ ከሁሉ አስቀድሞ የሚበላው የከብት መዋያውንና የልጆች መጫወቻውን መሬት ነው። ከ2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልሉ በደረሰው የጸጥታ መደፍረስ ደግሞ ብዙ ትምህርት ቤቶች ለረዥም ጊዜ ተዘግተው በመቆየታቸው ልጆች ትምህርቱን ብቻ ሳይሆን የትምህርት ቤቱን ሜዳም አጥተዋል። ወላጅ ሥጋት ባለበት ጊዜ ልጁን ራቅ ወዳለ መስክ እንዲልክ ልንመክር አንደፍርም። እንዲህ ባለው ጊዜ ግቢውና የጎረቤቱ መተላለፊያ ሜዳ ይሆናሉ፤ ሦስት አራት ቤተ ሰብ ተስማምቶ በየተራ አንድ አባትና አንዲት እናት ሲቆሙበት ደግሞ ጨዋታውም ጥበቃውም አንድ ላይ ይሆናል። እንዲያውም ባለፉት ዓመታት ፍርሃትን ያየ ልጅ ከሌላው ልጅ ይልቅ ሮጦ መጮህ ያስፈልገዋል።

ሰላም በሆነበት ቀን ግን የከተማው ማዘጋጃ ቤት ከአዲስ አበባ የሚማረው ነገር አለ። በ2011 ዓ.ም. በአዲስ አበባ «መንገድ ለሰው» በሚል ስም ዋና ዋና ጎዳናዎች በእሑድ ጧት ለጥቂት ሰዓት ለመኪና ተዘግተው፣ ሕዝቡ ልጁን ይዞ በአስፋልቱ ላይ ሲሮጥና ብስክሌት ሲነዳ ታይቷል። ከደጀን በብቸና በኩል ወደ ባሕር ዳር የሚያልፈውን ዋና መንገድ ዝጉ አንልም፤ ተላላፊው ብዙ ነው። አንዱን የውስጥ መንገድ ከቅዳሴ መልስ እስከ ምሳ ሰዓት ለባጃጅ መዝጋት ግን ሁለት ድንጋይና አንድ ደንብ አስከባሪ ቢጠይቅ ነው።

ኳስ የለንም የሚል ምክንያት እንዳይመጣም አስበንበታል። ያረጀ ካልሲ ይፈለጋል፤ ቁርጥራጭ ጨርቅ እየተጠቀጠቀ ይሞላበታል፤ አፉ ይቋጠርና እየተገለበጠ ሦስት አራት ጊዜ ይደረብበታል፤ ላዩ በወፍራም ክር ዙሪያውን ይሰፋል። ይህንን ሥራ አባትዬው ራሱ፣ ልጆቹን ከበብ አድርጎ ቢሠራው እንመርጣለን። ስፌቱ ቢጠምበትም አይፈር፤ ልጆቹ የሚጠብቁት ኳሱ መቼ እንደሚያልቅ ነው።