ተጨማሪ መረጃ፦ ሎሚን ከቅርንጫፍ ማብቀል
የሎሚ ቅርንጫፍ ቆርጦ እርጥብ አሸዋ ውስጥ መትከል በቤት ውስጥም ሊሳካ የሚችል ሥራ ነው። ብርቱካንና መንደሪን ግን በዚህ መንገድ ሥር ለማውጣት ያስቸግራሉ።

የሚቆረጠው ቅርንጫፍ ከለጋው ጠንከር ያለ፣ ግን ገና ያልደረቀ፣ ከ10 እስከ 15 ሴንቲ ሜትር የሚረዝም ቢሆን ይመረጣል። ጫፉ ላይ ሁለት ወይም ሦስት ቅጠል ብቻ ይተዋል፤ ሥር የሌለው ቅርንጫፍ ቅጠሉ ከበዛ በትነት የሚያጣውን ውኃ መተካት አይችልም። ላዩን በፌስታል መሸፈንም ለዚሁ ነው። ጥላ ሥር ከተቀመጠና አሸዋው እርጥብ ሆኖ ካልጨቀየ፣ በሁለት ወር ገደማ ሥር ይሰዳል።

ፍሬው እንደ እናት ዛፉ ይሆናል፤ ከዘር ከበቀለው ቀድሞም ያፈራል።

ታዲያ ችግኝ አፍዪዎች የሎሚን ቅርንጫፍ በሌላ ችግኝ ላይ የሚያጣብቁት ለምንድን ነው? ምክንያቱ ከመሬት በታች ነው። ፋይቶፍቶራ የተባለው ሥር አበስባሽ ተሕዋስ ሎሚን በቀላሉ ያጠቃል፤ የመራራ ብርቱካን ሥር ግን የተሻለ ይቋቋመዋል።

ማጣበቅ የተከለከለበት ዘመድም አለ፤ ትርንጎ። አይሁዳውያን ለዳስ በዓል የሚይዙት ትርንጎ፣ በሃይማኖታዊ ሕጋቸው መሠረት ከሌላ ዛፍ ጋር ካልተጣበቀ ተክል መገኘት አለበት። ስለዚህ አምራቾቹ ከዘር ወይም ከቅርንጫፍ ያባዙታል፤ ደግነቱ ትርንጎም እንደ ሎሚ ሥር ለማውጣት አይቸገርም።