ወጠጤ፣ ሙክትና ግመል፦ በ2019 የጾም አቆጣጠር ዋጋውን ወዴት ይወስደዋል?

ከባሕር ዳር፣ ከጢስ ዓባይና ከአዴት ደጋግሞ የሚመጣልን ጥያቄ አለ፦ «ሥጋ ለዓረብ አገር ተፈላጊ ነው ትላላችሁ፤ ታዲያ ላኪው የእኛን ሙክት ለምን በደህና ዋጋ አይገዛም?» ዛሬ እሱን እንይ።

አጭሩ መልስ፦ ላኪው የሚፈልገው ሌላ ዕቃ ነው። ከሞጆና ከቢሾፍቱ ቄራዎች ወደ ኤምሬትስና ሳዑዲ በአውሮፕላን የሚጫነው በአብዛኛው የቀዘቀዘ፣ ሙሉ የፍየልና የበግ ሥጋ ነው። ገዢው ወጣት፣ ጮማ ያልበዛበት፣ ታርዶ ከ12 ኪሎ ብዙም የማያልፍ ይመርጣል። ይህ ከቦረና፣ ከሶማሌና ከአፋር የሚመጣው የቆላ ወጠጤ ነው። የደጋ ሥጋ ቶሎ ይጠቁራል የሚለው ቅሬታም በዘርፉ የቆየ ነው። ስለዚህ ዋሸራ በግ ፋጉሎ እየበላ ሲሰባ ዋጋው የሚጨምረው ለአገር ቤት በዓል ነው። ላኪው ለዚያ ጮማ አይከፍልም።

ሁለቱ ገበያዎች ግን የሚገናኙበት ቦታ አለ፤ እሱም ጾም ነው።

በ2018 ዐቢይ ጾም የካቲት 9 ሲገባ ረመዳን በሁለት ቀን ልዩነት ተከተለ። ልኳንዳ ቤቶች በተዘጉበት ወቅት የባሕረ ሰላጤው ፍላጎት ከፍ አለ ማለት ነው። እንዲህ ሲገጥም ቄራው ያለብዙ ተፎካካሪ ይገዛል።

በ2019 ግን ነገሩ ይገለበጣል። ረመዳን የካቲት 1 ገደማ ይገባል (ጨረቃዋ በአንድ ቀን ልታዛንፈው ትችላለች)። ዐቢይ ጾም ደግሞ የካቲት 29 ይጀምራል። ረመዳን ሊወጣ ሲል ዐቢይ ጾም ይገባል ማለት ነው። ስለዚህ በየካቲት ላኪው፣ ልኳንዳው፣ ሆቴሉና የሠርግ ደጋሹ አንድ ገበያ ላይ ይገናኛሉ። ከነነዌ ሦስት ቀንና ከረቡዕና ዓርብ በስተቀር እፎይታ የለም። ቅበላ ሲያልፍ ደግሞ ሁለቱም ፍላጎቶች ባንድ ሳምንት ይቀዘቅዛሉ።

ከዚህ ምን እንያዝ?

ላኪዎች፦ የ2018 የረመዳን የመግዣ ዋጋ ይዛችሁ የ2019 ውል አትፈርሙ። ከስረው የሚወጡት እንዲህ ያደረጉት ናቸው።

ዩኒየኖችና አድላቢዎች፦ ሙክታችሁን ወይ እስከ የካቲት 28 ሽጡ፣ ወይ እስከ ፋሲካ (ሚያዝያ 24) ለመያዝ ወስኑ። መሃል ላይ «ትንሽ ልጠብቅ» ያለ ሰው ለ55 ቀን መኖ ይከፍላል። ከወዲሁ አስሉት።

ነጋዴዎች፦ ዒደል አድሐ ግንቦት 8 ገደማ ነው፤ ከፋሲካ በኋላ ሁለት ሳምንት። ፋሲካ ላይ ያልተሸጠ በግ ሌላ ገዢ አለው።

አሁን ወደ ግመል። የግመል ዋጋ በዚህ አቆጣጠር አይሄድም። በእኛ አካባቢ ክርስቲያኑ ግመል ስለማይበላ ፋሲካም ቅበላም አያነሳውም። በጅግጅጋ፣ በድሬዳዋ፣ በአዲስ አበባም ቦሌ ሚካኤል አካባቢ የግመል ሥጋ በላተኛ አለው። በመተማ በኩል የሚወጣው ግን ከነነፍሱ ወደ ሱዳን፣ ከዚያም አልፎ ወደ ግብፅ የሚነዳ ነው። ሚያዝያ 2015 ሱዳን ውስጥ ጦርነት ሲነሳ ያ መንገድ ታወከ። ግመሉ አልከሳም፣ አልታመመም፤ የጎደለው ገዢ ነው።

በሌላ በኩል ቦረና ውስጥ ከብቱ በድርቅ ያለቀበት አርብቶ አደር ወደ ግመል እየዞረ ነው። ግመል እየበዛ፣ አገር ውስጥ አርዶ ሥጋውን የሚልክ ግን ካልበዛ፣ ዋጋውን የሚቆርጠው ድንበር ላይ የቆመው ደላላ ነው።

በግም ይሁን ግመል፣ ከመግዛታችሁ በፊት አንድ ነገር ጠይቁ፦ በምሸጥበት ሳምንት ስንት ዓይነት ገዢ አለኝ? መልሱ «አንድ» ከሆነ ዋጋው በእጃችሁ አይደለም።

መልካም ገበያ!