«ልጁ እኮ ደህና ነው፤ ለምን እንመላለሳለን?»



ተማሪ እያለሁ እንደ ኢሚውኖሎጂ የፈራሁት ትምህርት የለም። የአባስን «ቤዚክ ኢሚውኖሎጂ» ስልኬ ላይ ጭኜ ሌሊት ሌሊት ስሸመድድ አድር ነበር፤ ሲዲ4፣ ሲዲ8፣ ኢንተርሉኪን ምናምን። ከፈተናው ማግስት ግማሹ ከጭንቅላቴ ጠፋ። አንድ ግራፍ ግን ቀረ።

ግራፉ የሚያሳየው ይህን ነው። ሰውነታችን አንድን ጀርም ወይም ክትባት መጀመሪያ ሲያገኝ አንቲቦዲ ቶሎ አያመርትም። ያንን ጠላት ለይተው የሚያውቁት ቢ ሴሎች በጣም ጥቂት ስለሆኑ፣ ተባዝተው ሥራ እስኪጀምሩ ሳምንት ገደማ ይፈጃል፤ የሚመረተውም ትንሽ ነው። በድጋሚ ሲያገኘው ግን የማስታወሻ ሴሎች ስላሉ ምላሹ ይፈጥናል፣ ይበዛልም።

ጥቅሙ የገባኝ ሥራ ከጀመርኩ በኋላ ነው። አንዲት እናት ውሻ የነከሰው ልጇን የመጀመሪያውን የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት ካስወጋች በኋላ «ዶክተር፣ ልጁ እኮ ደህና ነው፤ ለምን እንመላለሳለን?» አለችኝ። አልፈረድኩባትም፤ ታክሲው አለ፣ ከሥራ መቅረቱ አለ። ወረቀት አወጣሁና ግራፉን ሣልኩላት።

ቫይረሱ ከቁስሉ ተነስቶ በነርቭ በኩል ወደ አንጎል ይጓዛል። ዝግ ብሎ ነው የሚሄደው፤ ምልክቱ ብዙ ጊዜ የሚታየው ከ2 እስከ 3 ወር ቆይቶ ነው፣ አንዳንዴ ግን በሳምንትም ይመጣል። ከተነከሱ በኋላ መከተብ የሚሠራው ለዚህ ነው፤ ክትባቱ ቫይረሱን ይቀድመዋል። ምልክቱ አንዴ ከጀመረ ግን የሚተርፍ ሰው የለም ማለት ይቻላል። ስለዚህ ልጁ ዛሬ ሲጫወት ማየት ብቻውን ምንም ማረጋገጫ አይሆንም።

የመጀመሪያው ሳምንትስ በምን ይታለፋል? ንክሻው ቆዳ በስቶ ካደማ፣ ተዘጋጅቶ የመጣ አንቲቦዲ፣ ማለትም ኢሚውኖግሎቡሊን፣ ቁስሉ ውስጥና ዙሪያው ይወጋል። ብድር በሉት፤ የራሳችን እስኪደርስ።

ውሻም ይሁን ድመት ከነከሳችሁ ቁስሉን ወዲያው በሳሙናና በሚፈስ ውሃ ለ15 ደቂቃ እጠቡ፤ በዚያው ቀን ጤና ተቋም ሂዱ። የተለመደው ቀጠሮ የመጀመሪያው ቀን 0 ተብሎ በ3ኛው፣ በ7ኛው፣ ከዚያም ከ14ኛው ቀን ጀምሮ ነው። አንዱ ቀን ካለፋችሁ «በቃ አበላሸሁት» ብላችሁ አትተዉት። ሂዱ፣ ከቆመበት ይቀጥላል።

እናትየው ወረቀቱን አጣጥፋ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። በ4ኛው ቀጠሮ ልጁ እጅጌውን ራሱ ጠቅልሎ ገባ።