የአውሮፓ ፈረሰኛ ጦር በነፍጥ ዘመን

የአውሮፓ ፈረሰኛ ጦር በነፍጥ ዘመን ሲባል ከ16ኛው እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ድረስ፣ እግረኛው በአፈሙዙ በኩል በሚጎርስ ጠመንጃ ይዋጋ በነበረበት ጊዜ፣ በአውሮፓ መንግሥታት ሠራዊት ውስጥ በፈረስ ላይ ሆኖ ይዋጋ የነበረው ክፍል ማለት ነው። ጠመንጃ እንደመጣ የፈረሰኛ ዘመን እንዳበቃ ብዙ ጊዜ ይነገራል። ነገር ግን ፈረሰኛው ከጠመንጃው ጎን ለጎን ሦስት መቶ ዓመት ያህል ቆይቷል። በዚህ ሁሉ ጊዜ ከእግረኛና ከመድፈኛ ጋር ከሦስቱ ዋና ዋና የጦር ክፍሎች አንዱ ነበር። ይህ ጽሑፍ ፈረሰኛው ለምን እንደቆየ፣ እንዴት ይዋጋ እንደነበረ፣ ልብሱ ያን ያህል ለምን እንዳሸበረቀ እና በመጨረሻ ምን እንዳስቀረው ይገልጻል። ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የነፍጡ አቅም

በ18ኛው ክፍለ ዘመን የአውሮፓ እግረኛ ዋና መሣሪያ በባልጩት ድንጋይ ብልጭታ የሚተኮስ ነፍጥ ነበር። የአፈሙዙ ውስጥ ለስላሳ ስለነበረና ጥይቱም በቀላሉ እንዲገባ ከአፈሙዙ ትንሽ አነስ ተደርጎ ስለሚሠራ፣ የተተኮሰው የእርሳስ አረር ግራና ቀኝ እየተላተመ ይወጣ ነበር። በዚህም ምክንያት ከ100 ሜትር በላይ ርቆ ያለን አንድ ሰው ለይቶ መምታት አስቸጋሪ ነበር። ወታደሩ ባሩዱንና ጥይቱን ከላይ አስገብቶ፣ በዘንግ ጠቅጥቆ፣ እንደገና እስኪተኩስ ድረስ ጊዜ ይወስድበታል። በደንብ የሠለጠነ ወታደር እንኳ በአንድ ደቂቃ ከሁለት ወይም ከሦስት ጊዜ በላይ አይተኩስም ነበር።

የፈረሰኛው ዕድሜ የረዘመው ከዚህ ስሌት የተነሳ ነው። በሙሉ ግልቢያ የሚመጣ ፈረስ የመጨረሻዎቹን 100 ሜትር በጥቂት ሰከንዶች ያልፋል። እግረኛው በዚህ ጊዜ ውስጥ የሚተኩሰው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። በቶሎ ከተኮሰ ጥይቱ ይባክናል፤ ከዘገየ ደግሞ የተመታው ፈረስ ራሱ በግስጋሴው ሰልፉ ላይ ይወድቃል። ስለዚህ የተበታተነ፣ የተደናገጠ ወይም ከጎኑ የተጠቃ እግረኛ በፈረሰኛ ፊት መቆም አይችልም ነበር።

ከሽጉጥ ወደ ሰይፍ

በ16ኛው ክፍለ ዘመን ብዙ ፈረሰኞች የጠመንጃን ኃይል ለመቋቋም እነሱም ሽጉጥ ያዙ። ተራ በተራ ወደ ጠላት ቀርበው ይተኩሱና ለማጉረስ ወደ ኋላ ይመለሱ ነበር። ይህ ዘዴ ግን የፈረሱን ዋና ጥቅም፣ ማለትም ፍጥነቱንና ክብደቱን፣ ከንቱ ያደርገዋል። የስዊድን ንጉሥ ጉስታቭ አዶልፍ በፖላንድ ፈረሰኞች ላይ ባካሄደው ጦርነት ይህን ከተገነዘበ በኋላ፣ የራሱ ፈረሰኞች ጥቂት ተኩሰው ወዲያው ሰይፍ መዘው እንዲገቡ አዘዘ። ንጉሡ ራሱ በ1632 ሉትሰን ላይ ፈረሰኛ እየመራ ሞተ።

ከመቶ ዓመት በኋላ የፕሩሲያ ንጉሥ ዳግማዊ ፍሬድሪክ ተመሳሳይ ትምህርት አገኘ። በ1741 ሞልቪትስ ላይ የኦስትሪያ ፈረሰኞች የፕሩሲያን ፈረሰኞች ሰባበሩ፤ ንጉሡም ከጦር ሜዳው ሸሸ። ውጊያውን ያሸነፈለት እግረኛው ነበር። ከዚያ በኋላ ፍሬድሪክ ፈረሰኛውን እንደ አዲስ አሠለጠነ። ማንኛውም የፈረሰኛ መኮንን የጠላትን ግልቢያ ቆሞ እንዳይቀበልና ምንጊዜም ቀድሞ እንዲያጠቃ ደነገገ። ፍሬውም በ1757 ሮስባኽ ላይ ታየ። በጄኔራል ዛይድሊትስ የተመሩ 38 የፈረሰኛ ስኳድሮኖች፣ በቁጥር የፕሩሲያን እጥፍ የሚጠጋውን የፈረንሳይና የጀርመን ሠራዊት በጉዞ ላይ እያለ አጥቅተው፣ በአንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ውስጥ በትነውታል።

የፈረሰኛ ዓይነቶች

በናፖሊዮን ዘመን (1799–1815) የአውሮፓ ፈረሰኞች በሥራቸው፣ በፈረሳቸውና በመሣሪያቸው በሚከተሉት ዓይነቶች ይከፈሉ ነበር።

ኩይራሲዬር፦ ከባድ ፈረሰኛ ነው። ረጃጅም ሰዎች በትልልቅ ፈረሶች ላይ ሆነው፣ የብረት ጥሩር ለብሰው፣ የራስ ቁር ደፍተውና ቀጥ ያለ ረጅም ሰይፍ ይዘው ይዋጉ ነበር። ጥሩሩ ሰይፍንና ከሩቅ የተተኮሰ ጥይትን ይመልሳል እንጂ ከቅርብ የተተኮሰ ነፍጥን አይመክትም። ለመድፍ ጥይትማ ምንም አይደለም፤ ዋተርሎ ላይ በመድፍ የተበሳ አንድ የፈረንሳይ ከባድ ፈረሰኛ ጥሩር ዛሬም በፓሪስ የጦር ሙዚየም ይታያል።

ድራጎን፦ መጀመሪያ በፈረስ እየተጓዘ ከፈረስ ወርዶ የሚዋጋ እግረኛ ነበር። ቀስ በቀስ ሙሉ ፈረሰኛ ሆነ፤ ነገር ግን በብዙ አገሮች አጭር ጠመንጃ መያዙን አልተወም።

ሁሳር፦ ከሀንጋሪ የመጣ ቀላል ፈረሰኛ ሲሆን ቆልማማ ጎራዴ ይይዛል። ሥራው ቅኝት፣ ድንገተኛ ወረራ፣ የጠላትን ስንቅ መንጠቅና የሸሸን ማሳደድ ነበር።

ላንሰር፦ ረጅም ጦር የሚይዝ ፈረሰኛ ነው። በተለይ የፖላንድ ሰዎች የታወቁበት ነበር። በ1811 በስፔን አልቡዌራ ላይ በፈረንሳይ በኩል የተሰለፉ የፖላንድ ጦረኞች በዝናብ ውስጥ አንድ የእንግሊዝ ብርጌድ ከጎኑ መትተው አብዛኛውን ደምስሰዋል። ናፖሊዮን በዚያው ዓመት ተጨማሪ የላንሰር ክፍሎችን አቋቋመ፤ እንግሊዝም ከዋተርሎ በኋላ በ1816 የራሷን ፈጠረች።

ልብሱና ምክንያቱ

የዚያ ዘመን የደንብ ልብስ ዛሬ ለሚያየው ሰው ለሰልፍ ብቻ የተሰፋ ይመስላል፤ ነገር ግን ምክንያት ነበረው። የዘመኑ ባሩድ ሲተኮስ ጥቅጥቅ ያለ ነጭ ጭስ ያወጣል። ከጥቂት ዙር ተኩስ በኋላ ሜዳው በጭስ ስለሚሸፈን፣ አዛዡ ወገኑን ከጠላት የሚለየው በልብስ ቀለም ነበር። የፈረንሳይ እግረኛ በአብዛኛው ሰማያዊ፣ የእንግሊዝ ቀይ፣ የኦስትሪያ ነጭ፣ የሩሲያ ጥቁር አረንጓዴ፣ የፕሩሲያ ደግሞ ጥቁር ሰማያዊ ይለብስ ነበር። በአንድ አገር ጦር ውስጥ ክፍለ ጦሮቹ የሚለዩት በአንገትጌና በእጅጌ ጫፍ ቀለም ነው። መለከት ነፊዎች ደግሞ በብዙ ሠራዊት ከጓዶቻቸው በተገላቢጦሽ ቀለም ይለብሱ ነበር፤ ምክንያቱም አዛዡ ትእዛዙን የሚያስተላልፈው በእነሱ በኩል ስለሆነ በጭንቅ ሰዓት ቶሎ ሊያገኛቸው ይገባል።

ሌላው ምክንያት ማስፈራት ነው። ረጅም ባርኔጣ፣ ላባ፣ በራስ ቁር ላይ የሚውለበለብ የፈረስ ጭራ ሰውየውን ከቁመቱ በላይ ያስመስለዋል። ሁሳሮች በግራ ትከሻቸው ላይ የሚያንጠለጥሉት ጠጉር የተለበጠ አጭር ኮት በብርድ ጊዜ ይለበሳል፤ በውጊያ ጊዜ ደግሞ የጎራዴን ምት በተወሰነ ደረጃ ያበርዳል። ከዚህም በላይ ያማረ ልብስ ወጣቶችን ወደ ውትድርና ይስብ ነበር። በዘመቻ ላይ ግን ቀለሙ በዝናብና በፀሐይ ስለሚደበዝዝ፣ ልብሱም ስለሚቀደድ፣ ወታደሩ በሥዕል እንደሚታየው ሆኖ የሚዋጋው አልፎ አልፎ ብቻ ነበር።

ግልቢያውና አራት ማዕዘኑ

የፈረሰኛ ጥቃት ከሩቅ በሙሉ ፍጥነት አይጀመርም። መጀመሪያ በእርምጃ፣ ቀጥሎ በሶምሶማ፣ ከዚያ በግልቢያ፣ በመጨረሻም በአጭር ርቀት ላይ በሙሉ ፍጥነት ይኬዳል። ከሁሉ የሚበልጠው ፍጥነቱ ሳይሆን ሰልፉ ጉልበት ለጉልበት ተጠጋግቶ ሳይበታተን መድረሱ ነው። የተበታተነ ፈረሰኛ በቁጥር ቢበዛም የሚያሸንፈው በተናጠል ስለሆነ በቀላሉ ይመለሳል።

እግረኛው ለዚህ ያገኘው መልስ አራት ማዕዘን አሰላለፍ ነበር። አንድ ሻለቃ ፊቱን ወደ አራቱም አቅጣጫ አዙሮ በሦስት ወይም በአራት ረድፍ ይቆማል። የፊተኛው ረድፍ ተንበርክኮ የጠመንጃውን ሰደፍ መሬት ላይ ተክሎ ሳንጃውን ወደ ላይ ያዘነብላል፤ የኋለኞቹ ይተኩሳሉ። ፈረስ ደግሞ በተተከለ የሳንጃ አጥር ላይ ራሱን አይወረውርም፤ ወይ ይቆማል ወይ ወደ ጎን ይታጠፋል። እግረኛው እስካልሸሸ ድረስ አራት ማዕዘኑ አይሰበርም ማለት ይቻላል። በጣም ጥቂት ከሆኑት ልዩ አጋጣሚዎች አንዱ በሐምሌ 1812 በስፔን ጋርሲያ ኤርናንዴስ ላይ የደረሰው ነው። አንድ የተመታ ፈረስ ከነጋላቢው በፈረንሳይ ወታደሮች ሳንጃ ላይ ወድቆ ክፍተት ስለፈጠረ፣ በእንግሊዝ በኩል ይዋጉ የነበሩ የጀርመን ድራጎኖች በዚያ ገብተው አራት ማዕዘኑን በትነዋል።

አራት ማዕዘኑም ደካማ ጎን ነበረው። ሰዎች ተጠጋግተው ስለሚቆሙ ለመድፍ ጥሩ ዒላማ ይሆናሉ። ስለዚህ ብልህ አዛዥ ፈረሰኛውን አቅርቦ እግረኛውን አራት ማዕዘን እንዲሠራ ያስገድደዋል፤ ከዚያም በመድፍ ይመታዋል። እግረኛው ከመድፉ ለመዳን ከተዘረጋ ደግሞ ፈረሰኛው ይገባበታል። ፈረሰኛ ብቻውን ሳይሆን ከሌሎቹ ሁለት ክፍሎች ጋር ሲቀናጅ ነበር ኃይሉ የሚታየው።

ማሳደድ

ብዙ ጊዜ የሚሳለው ግልቢያው ነው እንጂ ፈረሰኛው ጦርነትን የሚወስነው ከውጊያው በፊትና በኋላ በሚሠራው ሥራ ነበር። ከውጊያው በፊት ጠላት የት እንዳለ ያያል፤ የራሱን ጦር ከጠላት ዓይን ይጋርዳል። ከውጊያው በኋላ የተሸነፈው ጦር እንደገና እንዳይሰባሰብ ያሳድዳል። በጥቅምት 1806 ናፖሊዮን የፕሩሲያን ጦር ዬና ላይ ካሸነፈ በኋላ የሙራ ፈረሰኞች ሽሽቱን እስከ ባልቲክ ባሕር ዳርቻ ተከተሉት። ጄኔራል ላሳል ከአንድ ሺህ ባነሱ ሁሳሮች የሽቴቲንን ምሽግ እጅ እንዲሰጥ አደረገ፤ በውስጡ በሺዎች የሚቆጠሩ ወታደሮች ነበሩበት። ሁሳሮች ምሽግ የሚሰብሩበት መሣሪያ አልነበራቸውም፤ ያሸነፉት የፍርሃቱን ወሬ ቀድመው በመድረሳቸው ነው።

ፈረሱ

ፈረሰኛን ከፈረሱ ለይቶ መረዳት አይቻልም። አንድ የጦር ፈረስ በቀን 10 ኪሎ ግራም የሚጠጋ አጃና ድርቆሽ ይፈልጋል። ጀርባው በኮርቻ ከቆሰለ፣ ጫማው ከወለቀ ወይም መኖ ከጎደለ ጋላቢው እግረኛ ይሆናል። ወታደርን በጥቂት ወራት ማሠልጠን ይቻላል፤ ለጦርነት የሚሆን ፈረስ ግን ለማደግ ብቻ አራትና አምስት ዓመት ይፈጅበታል።

ናፖሊዮን ይህን በመራራ ዋጋ ተማረ። በሰኔ 1812 ወደ ሩሲያ ሲገባ ከመቶ ሺህ እጅግ የሚበልጡ ፈረሶች አስከትሎ ነበር። ገና በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት፣ በረዶው ሳይመጣ፣ ሙቀቱ፣ ኃይለኛው ዝናብና ያልደረሰ እህል መብላት በሺዎች የሚቆጠሩትን ገደላቸው። ቀን ሙሉ ኮርቻ ሳይወርድላቸው ይቆዩ ስለነበር ብዙዎቹ ጀርባቸው ቆሰለ። ከሞስኮ ሲመለሱ ደግሞ አብዛኞቹ በበረዶ ላይ የሚይዝ ሹል ያለው የብረት ጫማ ስላልነበራቸው በሚያንሸራትተው መንገድ ላይ እየወደቁ ቀሩ፤ የተራበው ወታደርም በላቸው።

በ1813 ጸደይ ናፖሊዮን ከወጣት ምልምሎች አዲስ እግረኛ ጦር በፍጥነት አቋቋመ። በግንቦት ወር ሉትሰንና ባውትሰን ላይ የሩሲያንና የፕሩሲያን ጦር አሸነፈ። ነገር ግን የሚያሳድድበት ፈረሰኛ ስላልነበረው የተሸነፉት ጦሮች መድፋቸውን እንኳ ሳይጥሉ በሥርዓት ሄዱ። በሰኔ መጀመሪያ የተኩስ አቁም ስምምነት የተቀበለበት አንዱ ምክንያት ፈረሰኛውን እንደገና ለማቋቋም ጊዜ ማግኘት ነበር። በዚያው ጊዜ ኦስትሪያ ከጠላቶቹ ጎን ተሰለፈች፤ በጥቅምትም ላይፕሲግ ላይ ተሸነፈ። በሩሲያ መንገድ ላይ የቀሩት ፈረሶች ግዛቱን ከማጣቱ ጋር የተያያዙ ነበሩ።

አይላውና ዋተርሎ

በየካቲት 8 ቀን 1807 አይላው ላይ፣ በበረዶ አውሎ ንፋስ ውስጥ፣ የናፖሊዮን መሐል ጦር ሊፈርስ ሲል ሙራ ከ10,000 የማያንሱ ፈረሰኞችን ይዞ የሩሲያን ሰልፍ ሰንጥቆ አለፈ፤ ጦሩንም ከጥፋት አዳነ።

ሰኔ 18 ቀን 1815 ዋተርሎ ላይ ግን የፈረሰኛ ሁለቱም ጉድለቶች ታዩ። ከሰዓት በኋላ መጀመሪያ ላይ የእንግሊዝ ድራጎኖች አንድ የፈረንሳይ ኮር በትነው ሁለት የንስር ዓርማዎች ማረኩ። በድሉ ሰክረው ሳይሰባሰቡ እስከ ፈረንሳይ መድፎች ድረስ ስለጋለቡ ግን ፈረሶቻቸው ደክመው ሳለ የፈረንሳይ ጦረኞች ደረሱባቸውና ክፉኛ አለቁ። ከዚያ በኋላ ማርሻል ኔይ በሺዎች የሚቆጠሩ ፈረሰኞችን በእንግሊዝ አራት ማዕዘኖች ላይ ደጋግሞ ላከ። እግረኛ አብሮ አልገባም፤ መድፍም በበቂ አልተከተለም። የእንግሊዝ መድፈኞች ፈረሰኛው ሲመጣ ወደ አራት ማዕዘኖቹ ውስጥ ይሸሹና ሲመለስ ወጥተው ይተኩሱ ነበር። አንድም አራት ማዕዘን አልተሰበረም።

ፍጻሜው

ፈረሰኛውን ያሸነፈው ጠመንጃ በአጠቃላይ ሳይሆን ውስጡ ጠመዝማዛ ቦይ የተቀረጸለት አዲሱ ጠመንጃ ነው። በ1840ዎቹ መጨረሻ በፈረንሳይ የተሠራው የሚኒዬ ጥይት በቀላሉ ስለሚጎርስና ሲተኮስ ቦዩን ስለሚይዝ፣ ከበፊቱ ነፍጥ ብዙ እጥፍ ርቆ በትክክል ይመታል። ቀድሞ ጥቂት ሰከንዶች ይፈጅ የነበረው የሞት ቀጣና አሁን ከአንድ ደቂቃ በላይ ሆነ።

በጥቅምት 25 ቀን 1854 በክራይሚያ ባላክላቫ ላይ ሁለት ነገሮች በአንድ ቀን ሆኑ። በዓለም የታወቀው፣ 670 ያህል የእንግሊዝ ቀላል ፈረሰኞች በስህተት በተላለፈ ትእዛዝ ወደ ሩሲያ መድፎች ጋልበው ከመቶ በላይ የሞቱበት ነው። ለፈረሰኛ ታሪክ የበለጠ ትርጉም ያለው ግን ከዚያ በፊት የሆነው ነው። 93ኛው የስኮትላንድ ክፍል አራት ማዕዘን ሳይሠራ፣ በሁለት ረድፍ ብቻ ቆሞ፣ በአዲሱ ጠመንጃ የሩሲያን ፈረሰኛ መለሰ። ከዚያ ወዲህ እግረኛው ፈረስ ሲመጣ ቆሞ መተኮስ በቂው ሆነ።

የጦር ሹማምንት ትምህርቱን የተቀበሉት ቀስ ብለው ነው። በ1870 የፈረንሳይና የፕሩሲያ ጦርነት ፈረሰኞች በብዛት ሞቱ። በ1886 ፈረንሳይ ጭስ አልባ ባሩድ የሚጠቀም ጠመንጃ ካወጣች በኋላ ደማቅ ልብስ የሚያስፈልግበት ምክንያት ቀረ፤ ያም ሆኖ የፈረንሳይ ኩይራሲዬሮች በነሐሴ 1914 ወደ አንደኛው የዓለም ጦርነት የዘመቱት ጥሩራቸውን ለብሰው ነበር። ዛሬ ጥሩሩ፣ የራስ ቁሩና የፈረስ ጭራው በለንደንና በፓሪስ የክብር ዘበኞች ላይ ይታያሉ። ሁሳር፣ ድራጎንና ላንሰር የሚሉት ስሞች ደግሞ በበርካታ አገሮች በታንክና በብረት ለበስ ተሽከርካሪ ለሚዋጉ ክፍሎች መጠሪያ ሆነው ቀርተዋል።