ቁጣው ከፍቅር፣ ዱላው ከፈቃድ

ባል ሚስቱን ሲመታ በምዕራብ ጎንደር ከገለጉ እስከ መተማ ዮሐንስ ባለው ቆላም ሆነ በሌላው የአገራችን ክፍል ሁለት ማብራሪያ ይሰማል። አንዱ «ስለሚወዳት ነው የሚቀናው» ይላል፤ ሌላው «ቢወዳትማ ኖሮ እጁን ባላነሳ» ብሎ ይመልሳል። ሁለቱ የሚቃረኑ ቢመስሉም ዱላውን በፍቅር መጠን መለካታቸው ያመሳስላቸዋል። በዘርፉ የተከማቸው ጥናት ወደ ሌላ ድምዳሜ ይወስዳል። ቁጣ ከፍቅር ሊወለድ ይችላል፤ ቁጣውን ወደ ዱላ የሚያሻግረው ግን «በእሷ ላይ መብት አለኝ» የሚል እምነትና እምነቱን የሚፈቅድለት ማኅበረሰብ ነው።

ቁጣና ፍቅር ጎረቤት መሆናቸውን የሥነ ልቦና ሊቃውንት ከጥንት አይተውታል። ሲግመንድ ፍሮይድ ሰው የሚወደውንና የሚጠላውን በአንድ ሰው ላይ ሊያገኝ እንደሚችል ጽፏል። ጆን ቦውልቢ ደግሞ ከእናቱ የተለየ ሕፃን የሚያሳየውን ቁጣ አጥንቶ፣ ቁጣው ጥላቻ ሳይሆን «አትተዪኝ» የሚል ጥሪ መሆኑን አስረድቷል፤ ተከታዮቹም ይህንኑ በአዋቂዎች ትዳር ውስጥ አግኝተውታል። በ1939 እ.ኤ.አ. ጆን ዶላርድና የዬል ዩኒቨርሲቲ ባልደረቦቹ የሰው ፍላጎት ሲሰናከል ጠበኝነት እንደሚቀሰቀስ ተናገሩ። ሦስቱም የቁጣን ምንጭ ያሳዩናል፤ ዒላማው እንዴት እንደሚመረጥ ግን አይነግሩንም። የሰሊጥ ዋጋ የወደቀበት ገበሬ ነጋዴውን ሳይነካ ቤቱ ገብቶ ሚስቱን የሚመታው ለምንድን ነው? የመልሱን ግማሽ ተመራማሪው ማይክል ጆንሰን በ1995 እ.ኤ.አ. ሰጥቷል፦ ጭቅጭቅ ሲግል ከሁለቱም ወገን የሚነሳ ግጭት አንድ ነገር ነው፤ አንዱ ሌላውን በፍርሃት ለመግዛት ደጋግሞ የሚያደርሰው ጥቃት ሌላ ነው።

የአገራችን መረጃ ሌላውን ግማሽ ይሞላል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2005 እ.ኤ.አ. ባወጣው የብዙ አገሮች ጥናት፣ በቡታጅራ አካባቢ ከተጠየቁት ባል ወይም የትዳር አጋር የነበራቸው ሴቶች 71 በመቶው በሕይወታቸው አካላዊ ወይም ወሲባዊ ጥቃት ከአጋራቸው እንደደረሰባቸው ተናግረዋል። ይህ በጥናቱ ከተካተቱት ቦታዎች ሁሉ ከፍተኛው ነበር። የቡታጅራ ባሎች ከሌላው ዓለም ባሎች አብልጠው ይወዳሉ ወይም አብልጠው ይጠላሉ የሚል ሰው አይኖርም፤ የሚለያየው የሚፈቀደው ነገር ነው። ፈቃዱ ደግሞ ይለወጣል። በብሔራዊ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናቶች መሠረት፣ ቢያንስ በአንድ ምክንያት ሚስትን መምታት ተገቢ ነው ያሉ ሴቶች በ2000 እ.ኤ.አ. 85 በመቶ ነበሩ፤ በ2016 ወደ 63 በመቶ ወርደዋል። ወንዶቹም በ2005 ከነበሩበት 52 በመቶ በ2016 ወደ 28 በመቶ ዝቅ ብለዋል። የሰው ልብ በዐሥራ ስድስት ዓመት አይለወጥም፤ ነውር የሚባለው ነገር ግን ይለወጣል።

ቅናትስ? መጠጥስ? የሚሉ ይኖራሉ። ቅናት ወንድንም ሴትንም ያቃጥላል፤ መዘዙ ግን እኩል አይደለም። በ2013 እ.ኤ.አ. ላንሴት ላይ የወጣ ዓለም አቀፍ ግምገማ፣ ከተገደሉ ሴቶች 38 በመቶ ያህሉ በአጋራቸው እጅ መሞታቸውን ሲያሳይ፣ የወንዶቹ ድርሻ 6 በመቶ ገደማ ነው። መጠጥም ቢሆን ጠብን ያባብሳል እንጂ ተመቺውን አይመርጥም፤ የሰከረ ሰው አለቃውን ወይም ፖሊሱን ሲያገኝ እጁን መሰብሰብ ይችልበታል። ጠንከር ያለው ተቃውሞ «ሴቶቹ ራሳቸው ተቀብለውታል» የሚለው ነው። መውጫ የሌለው ሰው ግን ያለበትን ለመቻል ምክንያት ይፈልግለታል። ቤትና መሬት ደግሞ መውጫ ይሆናሉ፤ በሕንድ ኬረላ ፓንዳና አጋርዋል በ2005 እ.ኤ.አ. ያሳተሙት ጥናት፣ ቤትም መሬትም ከሌላቸው ሚስቶች ግማሽ ያህሉ አካላዊ ጥቃት ሲደርስባቸው፣ ሁለቱም ካላቸው መካከል 7 በመቶው ብቻ እንደተጠቁ አሳይቷል።

ይህ የመውጫ ነገር ለምዕራብ ጎንደር ቆላ ቅርብ ጉዳይ ነው። በአማራው ባህል በሰማንያ ያገባች ሴት ንብረቷን ተካፍላ መፋታት ትችላለች፤ ስትከፋም ኮርፋ ወላጆቿ ቤት ትገባለች። በ1995 እና 1996 ዓ.ም. በሠፈራ ወደ ቋራና መተማ ከወረዱት መካከል ላለች ሴት ግን የወላጆቿ ቤት ደጋ ቀርቷል። የአማራ ክልል በባልና ሚስት ስም የሚሰጠው የመሬት ማረጋገጫ ደብተር የተወሰነ መውጫ ይከፍታል፤ በሰው እርሻ ተቀጥሮ ለሚኖር ቤተሰብ ግን አይደርስም። ሕጉ ግልጽ ነው፦ የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ አንቀጽ 564 በትዳር ውስጥ የሚፈጸም ጥቃት እንደማንኛውም የአካል ጉዳት እንደሚያስቀጣ ይደነግጋል። ሆኖም ራሱን የቻለ የቤት ውስጥ ጥቃት ሕግ የለንም፤ ብዙው ጉዳይም ፖሊስ ጋ ሳይደርስ በሽማግሌ ያልቃል።

ሽምግልናን ማጣጣል አይገባም፤ በጭቅጭቅ መጋል የተነሳን ጠብ ለማብረድ ከእሱ የተሻለ የለም። ጉድለቱ ሁሉንም ጠብ እንደ ጭቅጭቅ መቁጠሩ ነው። «ጥፋቱ የማን ነው?» ተብሎ «ታርቀሽ ግቢ» ሲባል፣ በፍርሃት የምትገዛ ሚስት ወደ ገዢዋ ትመለሳለች። ስለዚህ ሽማግሌ ከእርቁ በፊት ሚስትን ለብቻዋ አስቀምጦ «ትፈሪዋለሽ ወይ?» ብሎ መጠየቅ አለበት። መልሷ አዎ ከሆነ ጉዳዩ የሽማግሌ መሆኑ ያበቃል፤ ባልየው የቱንም ያህል ይወዳት፣ ነገሩ የፖሊስና የፍርድ ቤት ነው።