ክርስቲያን ጫት ይቅማል ወይ? የማያረጀው የሳቢያን ጥያቄ

ድሬዳዋ፣ ሳቢያን የሚኖር ክርስቲያን ይህን ጥያቄ ሳይሰማ የሚያልፈው ዓመት የለም። በሰንበት ትምህርት ቤት ይነሣል፤ በወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት የወጣቶች ጉባኤ ይነሣል፤ ሽማግሌ ተልኮ ልጅ ሲጠየቅም የሴቷ ወገን ቀድሞ የሚያጣራው ይህንኑ ነው። መልሱ ሁልጊዜ አጭር ነው፤ «አይቅምም»። ይሁንና ቀትር ላይ ሙቀቱ ሰውን ሁሉ ወደ ጥላ ሲያስገባ፣ ጫት በሚቃምበት በርጫ ላይ ከተቀመጡት መካከል ማተብ ያሰሩ አይጠፉም። መልሱ ይህን ያህል ግልጽ ከሆነ፣ ሰው ለምን አይተገብረውም?

የተለመዱት ማብራሪያዎች ሦስት ናቸው። ትምህርቱ አልጠነከረም፣ ሥራ አጥነቱ በዝቷል፣ የጫት ገበያው አወዳይም ቅርብ ነው። ሦስቱም እውነትነት አላቸው። እኔ ግን በቂ ትኩረት ያላገኘ አራተኛ ምክንያት አለ እላለሁ። ክልከላው ራሱ የቆመበት መሠረት ነው። ጫት በክርስቲያኑ ዘንድ የተነወረው ለሚቅመው ሰውና ለቤተሰቡ ስለሚያመጣው ነገር ታስቦበት አይመስለኝም። «የእነሱ ነው» ስለተባለ ነው።

ይህ ስሜት ሥሩ ሩቅ ነው። በ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን፣ በዐፄ ዓምደ ጽዮን ዜና መዋዕል ውስጥ፣ የኢፋቱ ገዥ ሰብረ ዲን የንጉሡን ከተማ ይዞ ጫት እንደሚተክልባት ሲዝት እናነባለን፤ ሙስሊሞች የሚወዱት ተክል ነውና። ቅጠሉ በአገራችን ጽሑፍ ብቅ ሲል ገና ከጅምሩ የወሰን ምልክት ነበር ማለት ነው። ቡናም በዚሁ መንገድ አልፏል። እስከ 19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጨረሻ ድረስ በክርስቲያኑ አገር ቡና መጠጣት የእስላም ወግ ተብሎ ይነቀፍ ነበር። ዐፄ ምኒልክ መጠጣት ሲጀምሩና ጳጳሱ አቡነ ማቴዎስ ነቀፌታውን ሲያለዝቡ ክልከላው እየላላ ሄደ። ዛሬ ከቅዳሴ መልስ ጀበና የማይጣድበት ቤት ጥቂት ነው። ቡና በመካከሉ ጠባዩን አልለወጠም፤ የተለወጠው ወሰኑ ነው። በወሰን ላይ ብቻ የቆመ ክልከላ ወሰኑ ሲነሣ አብሮ ይነሣል።

ድሬዳዋ ደግሞ እንዲህ ያለ አጥር የማይበረክትባት ከተማ ናት። በ1895 ዓ.ም. የባቡሩ ሐዲድ ከጂቡቲ ሲደርስ ኦሮሞው፣ ሶማሌው፣ አማራው፣ ጉራጌው፣ ሐረሪው፣ ዐረቡ፣ ግሪኩና አርመኑ ጎን ለጎን ሠፈሩባት። ሳቢያን ውስጥ የሙስሊምና የክርስቲያን ቤት ግድግዳ ይጋራል። በለቅሶ አንዱ ለሌላው ድንኳን ይተክላል፤ በዒድም በፋሲካም ልጆች በሁለቱም ቤት ይበላሉ። የሚለያየው ሥጋው ነው፤ እሱንም ሁሉም ያውቀዋል፣ ማንም አይቀየምበትም። እዚህ ያደገ ክርስቲያን ወጣት ከልጅነት ጓደኛው ጋር በርጫ ሲቀመጥ ከእምነቱ እንዳልወጣ በልቡ ያውቃል። የተነገረው ምክንያት «የእነሱ ነው» የሚል ብቻ ከሆነ፣ ያ ምክንያት በመጀመሪያው ቀን ይፈርስበታል። ሌላ ምክንያት ደግሞ አልተሰጠውም።

«የእነሱ» የሚለው አባባል ጎረቤትንም ያለ አግባብ ይነካል። ጫት በሙስሊሙ ዘንድ ራሱ ያከራከረ ጉዳይ ነው። አጥብቀው የሚቃወሙ ኡስታዞች አሉ፤ ልጃቸው ቃሚ ሆኖባቸው የሚያዝኑ እናቶችም አሉ። ሰባኪው ቅጠሉን ለሌላ ሃይማኖት ሲሰጥ፣ ተመሳሳይ ሐዘን ያለባትን ጎረቤት ከጉዳዩ ያስወጣታል።

ከመጽሐፍ ቅዱስ የሚጠቀሰውም አብዛኛውን ጊዜ አንድ ክፍል ነው። ጳውሎስ ለቆሮንቶስ ሰዎች በመጀመሪያው መልእክቱ፣ ሰውነት የመንፈስ ቅዱስ ማደሪያ መሆኑን የጻፈበት። ቃሉ ከባድ ነው፤ የተጻፈው ግን ስለ ዝሙት ነበር፤ በጫት ላይ ከዋለ በአረቄም፣ በሲጋራም፣ በእንቅልፍ ማጣትም ላይ እኩል መዋል አለበት። ለእኛ ጥያቄ የሚቀርበው በዚያው መልእክት ምዕራፍ 8 ላይ ያለው የጣዖት ሥጋ ክርክር ይመስለኛል። ያ ሥጋም የወሰን ምልክት ነበር፤ በላ የተባለ ሰው ወደ ማዶ እንደተሻገረ ይቆጠር ነበር። ጳውሎስ ግን ሥጋውን ርኩስ ብሎ ነገሩን አልዘጋም። የእኔ መብላት በእምነት ደካማ ለሆነው ወንድሜ ምን ያመጣበታል ብሎ ጠየቀ። ያ ጥያቄ በሳቢያን በርጫ ላይ ቢነሣ ብዙ ነገር ይገለጥ ነበር።

ስላልተነሣ የመጣው መዘዝ ከታሪኩ ይበልጥ ያሳስበኛል።

የመጀመሪያው መደበቅ ነው። በኦርቶዶክሱ ዘንድ የሥነ ምግባር ውሳኔ በመጽሐፍ ብቻ አይሰጥም፤ የንስሐ አባት ቤቱንና ሰውየውን አውቆ፣ በአቅሙ ቀኖና ሰጥቶ ይመራዋል። ጫት ግን ከድካም ይልቅ እንደ ክዳት ስለተቆጠረ፣ «አባቴ፣ እቅማለሁ» ማለት ከብዙ ሌላ ኃጢአት ይከብዳል። ልጁ ሌላውን ሁሉ ተናዞ ይህን ያስቀራል፤ ወይም ከናካቴው ይቀራል። በወንጌላውያኑ ዘንድ ደግሞ የታወቀበት ሰው ከአገልግሎት ይታገዳል። ስለዚህ የሚታወቀው ሲያቆም ሳይሆን ሲጠፋ ነው። እርዳታ የሚያስፈልገው ሰው እርዳታ ካለበት ቦታ ይሸሻል።

ሁለተኛው የተዛባ ሚዛን ነው። የጫቱን ምርቃና ለመስበር ማታ ጨብሲ ይወጣል፤ ቢራውና አረቄው ይቀዳል። ቀን መቃሙን የደበቀ ሰው ማታ መጠጣቱን በአደባባይ ያደርገዋል፤ መጠጥ «የእኛ» ነውና። በበዓል ሰክሮ ሚስቱን የመታ ሰው በቤተ ዘመድ ሽምግልና ያልፋል፤ በዝምታ ተቀምጦ የቃመው ግን ሚስት ይከለከላል። ስካርን መጽሐፍ ቅዱስ በስሙ ጠርቶ አውግዞታል፤ ሚዛናችን ግን ተገልብጧል።

ሦስተኛው ማንም የማይጠይቀው ገንዘቡ ነው። ወደ ቁልቢ ገብርኤል በታኅሣሥ 19 ከድሬዳዋ የሚወጣው ምእመን ደንገጎን አልፎ በጫት ማሳ መካከል ይጓዛል። መንግሥት በ2004 ዓ.ም. በወጣ አዋጅ ኤክሳይዝ ታክስ ጥሎበታል፤ ወደ ውጭ ሲላክም ዶላር ያስገባል። የቅጠሉ አነቃቂ ንጥረ ነገር ካቲኖን በሁለት ቀን ገደማ ኃይሉን ስለሚያጣ ጫት የጫነው ሾፌር ይከንፋል፤ መንገድ ዳር የቆመ ሕፃን የሚከፍለው ዋጋም አለ። የማይቅም ክርስቲያን ግን መኪናውን ያከራያል፣ ይጭናል፣ ያተርፋል፣ ከትርፉም አሥራት ያወጣል። በአፍ የሚገባው ብቻ ኃጢአት ከሆነ ይህ ሁሉ ንጹሕ ነው። እኔ እንዲህ ብሎ ለመደምደም አልደፍርም። በአንጻሩ ልጆቿን ገበያ ላይ ቅጠል ሸጣ የምታሳድገውን ሴት ከነጋዴው ጋር በአንድ ቃል መኮነንም አልችልም።

«ጉዳቱ በሳይንስ ስለተረጋገጠ ሌላ ምክንያት አያስፈልግም» የሚሉ አሉ። ሳይንሱም ቢሆን ያን ያህል አልተስማማም። የዓለም ጤና ድርጅት ባለሙያዎች በ2006 እ.ኤ.አ. ቅጠሉን በዓለም አቀፍ ቁጥጥር ሥር ማድረግ አያሻም ብለዋል፤ ብሪታንያ ግን የራሷ አማካሪ ምክር ቤት አያስፈልግም እያለ በ2014 እ.ኤ.አ. ከልክላዋለች። ሐኪም ስለ እንቅልፍ፣ ስለ ጥርስና ስለ ልብ ሊነግረን ይችላል። የቤት ኪራይ ሳይከፈል ለበርጫ የወጣው ብር ምን እንደሚባል ግን የሚነግረን ኅሊና ነው።

ጫት ለብዙ ቤት ሸክም መሆኑን አልጠራጠርም፤ አብያተ ክርስቲያናቱ «ተው» ማለታቸውንም እደግፋለሁ። የምጠራጠረው ምክንያታቸውን ነው። የንስሐ አባቱ «ልጄ፣ ከማን ጋር ዋልክ?» ማለቱን ትቶ፣ ከደመወዝህ ምን ያህሉ ሄደበት፣ ልጆችህ በስንት ሰዓት ያዩሃል፣ ሐራራው ሲመጣ እምቢ ማለት ትችላለህ ብሎ ቢጠይቅ፣ ስለ አረቄውም ያንኑ ቢጠይቅ፣ ክልከላው በጎረቤት ሃይማኖት ላይ መደገፉ ያበቃል። የጎረቤቱም ኡስታዝ እነዚሁኑ ጥያቄዎች ለራሱ ልጆች ሊጠይቅ ይችላል፤ ሁለቱ አባቶች በአንድ ሠፈር አብረው ሊሠሩበትም ይችላሉ። እስከዚያው ድረስ ግን የሳቢያን ወጣት «እንዴት ላቁም?» ብሎ ሲመጣ «የማን ወገን ነህ?» የሚል መልስ ያገኛል፤ የዚህን ጥያቄ መልስ ደግሞ አስቀድሞ ያውቀዋል፣ ችግሩም እዚያ አልነበረም።