የፈረስ ስም ያወጡ ጎልማሶች

ለአርሲ ሰው ስለ ፈረስ ማውራት ለቀባሪው ማርዳት ነው። አሰላ ከተማ ባጃጅ ከገባ በኋላ እንኳ የጋሪው ፈረስ ከመንገድ አልጠፋም። ከጭላሎ ሥር አንሥቶ እስከ በቆጂ ያለው ደገኛ ገበያውንም፣ ለቅሶውንም፣ ሠርጉንም በፈረስ ይደርሳል። ስለዚህ ስለ ዳማና ቡላ፣ ስለ አምባላይና ቦራ የምጨምረው የለም። ዛሬ የማስተዋውቃችሁ ፈረሶች ሐምራዊ፣ ሮዝና ውኃ ሰማያዊ ናቸው። ያወራሉ፣ ይዘፍናሉ፣ አንዳንዶቹም ክንፍ አላቸው፤ ገብስና ጭድ ግን አይጠይቁም። ጢማቸውን ያሳደጉ ወንዶች ስለ እነዚህ ፈረሶች ለመጫወት ብቻ በየዓመቱ ባልቲሞር በምትባል የአሜሪካ ከተማ በሺህ እየሆኑ ይሰበሰቡ ነበር። ስብሰባው ብሮኒኮን ይባል ነበር።

ነገሩ የሚጀምረው ከአሻንጉሊት ነው። ሃስብሮ የተባለው ኩባንያ ከ1980ዎቹ ጀምሮ (ዘመኑን በአውሮፓ አቆጣጠር ያዙልኝ) ጋማና ጅራታቸው የሚበጠር የፕላስቲክ ፈረሶችን ለትናንሽ ሴት ልጆች ይሸጣል፤ ማይ ሊትል ፖኒ ይላቸዋል። ፖኒ ማለት ቁመተ አጭር ፈረስ ነው። በፈረንጅ መለኪያ ከሄድን የእኛም ደጋ ፈረስ በቁመቱ ከፖኒ ይመደባል፤ ይህን ግን ለአርሲ ፈረሰኛ ፊት ለፊት እንድትነግሩት አልመክርም።

አሻንጉሊቱን ለማሻሻጥ ካርቱን መሥራት የቆየ ልማድ ነው፤ የቀደሙትም ከልጆች አልፈው ብዙ ሰው አልሳቡም። ኦክቶበር 10 ቀን 2010 የጀመረው ግን ሎረን ፋውስት በምትባል ባለሙያ እጅ የተቀረጸ ነበር። ሎረን ስድስቱን ፈረሶች የተለያየ ጠባይ ሰጠቻቸው። አንዷ ከመጽሐፍ የማትለይ፣ አንዷ የፖም እርሻ ላይ ተፍ ተፍ የምትል ገበሬ፣ አንዷ ደግሞ ከጥላዋ የምትደነግጥ ዓይን አፋር ናት። እያንዳንዱ ፈረስ ታፋው ላይ ምልክት አለው። በጋለ ብረት የተተኮሰ አይደለም፤ ፈረሱ ተሰጥኦውን ያወቀ ዕለት በራሱ ይወጣል። ልጆቹ ወደዱት። ያልታሰበው፣ ወጣት ወንዶችም መውደዳቸው ነው። የእኛ አገር ወጣቶችም ከሚሉት «ብሮ» እና ከ«ፖኒ» አጣምረው ራሳቸውን «ብሮኒ» አሉ።

በጁን 2011 ኒውዮርክ ላይ መጀመሪያ የተገናኙት መቶ ያህል ነበሩ። በ2013 ባልቲሞር ሲገቡ ከስምንት ሺህ በለጡ፤ በ2015 ደግሞ 10,011 ደረሱ። ዝግጅቱን ያንቀሳቅሱ የነበሩት ደመወዝ የማይከፈላቸው በጎ ፈቃደኞች ናቸው። በአንዱ አዳራሽ ለፈረሶቹ ድምፅ የሰጡ ተዋንያን ይጠየቁ ነበር፤ በሌላው የካርቱኑ ደራሲያን ታሪኩን እንዴት እንደሚያዋቅሩ ያስረዱ ነበር። ሰፊው አዳራሽ ገበያ ነበር። በእጅ የተሰፋ አሻንጉሊት፣ ሥዕል፣ ከክር የተሠራ ጋማና ጅራት ይሸጥበት ነበር። ማታ ማታ ወዳጆቹ ራሳቸው የደረሱት ሙዚቃ ይደለቅ ነበር። የአርሲ ፈረሰኛ ለበዓል ፈረሱን በመርገፍና በግላስ ያስጌጣል፤ እነዚህ ፈረስ ስለሌላቸው ያስጌጡት ራሳቸውን ነው።

ከታሪካቸው ሁሉ ደርፒ የምትባለው ፈረስ ነገር ይገርመኛል። በመጀመሪያው ክፍል ከሌሎች ጀርባ ለቅጽበት የታየች፣ ስም የሌላት፣ ዓይኖቿ ግራና ቀኝ የሚያዩ ግራጫ ፈረስ ነበረች። ተመልካቾቹ አይተው ለዩዋት፤ ስምም አወጡላት። በ2012 መጀመሪያ ካርቱኑ ራሱ በዚያው ስም ጠራት። ወዲያው በአካል ጉዳተኞች ያፌዛል የሚል ቅሬታ ተነሣና ስሙ ከዚያ ክፍል ወጣ፤ ድምፅዋም ተቀየረ። ወዳጆቿ ግን አልተዋትም። መቶኛው ክፍል በ2015 ሲሠራ መሪ ባለታሪኮቹ ወደ ዳር ተገፍተው፣ ጊዜው እንደ ደርፒ ላሉት ከኋላ ለሚያልፉት ተሰጠ። ተመልካች ለአንድ አላፊ አግዳሚ ስም አውጥቶ፣ ደራሲውን በዚያ ስም ሲያስጠራ ሌላ ቦታ አላየሁም።

ስለ ብሮኒዎች ሲነሣ የሚቀድመው ጥያቄ «ምን ነክቷቸው ነው?» የሚል ነው። ጋዜጦች ሲስቁባቸው፣ አንዳንዱም ሲጠረጥራቸው ኖሯል። እኔ ግን አንገታቸው ላይ ያንጠለጠሉት መታወቂያ ላይ ዓይኔ ቀረ። ብዙዎቹ ያጻፉበት አባታቸው ያወጣላቸውን ስም ሳይሆን ለራሳቸው የፈጠሩትን ፈረስ ስም ነው። የፈረስ ስም! እኛ አፄ ቴዎድሮስን አባ ታጠቅ፣ አፄ ምኒልክን አባ ዳኘው፣ ደጃዝማች ባልቻን አባ ነፍሶ ስንል በምን ስም ጠራናቸው? እርግጥ ባልቻን ከአንድ የሃያ ሁለት ዓመት የኮምፒውተር ተማሪ ጋር በአንድ ዓረፍተ ነገር ማዋል ድፍረት ነው። የእነዚያ ስም ከሚጋለብ፣ ጦር ሜዳ ከዋለ ፈረስ የመጣ ነው፤ የዚህኛው ፈረስ በእርሳስ የተሣለ ነው። ቢሆንም ሰው በሰዎች ፊት ሲቆም ከራሱ ይልቅ በፈረሱ ስም መጠራትን የመረጠበት ምክንያት ለእኛ እንቆቅልሽ ሊሆን አይገባም። ለፈረስ ብሎ መሰብሰብም ቢሆን ብርቅ አይደለም። የአገው ፈረሰኞች ማኅበር በእኛው አቆጣጠር በ1932 ዓ.ም. ተመሥርቶ እስከ ዛሬ በየዓመቱ ጥር 23 ቀን እንጅባራ ላይ ይገናኛል፤ ዐድዋ የዘመቱት ፈረሶችም በዚያ ይታሰባሉ።

ከ2015 በኋላ የብሮኒኮን ሰው መመናመን ጀመረ። በ2018 አምስት ሺህ ተኩል ያህል ቢቀሩ አዘጋጆቹ የሚቀጥለው ዓመት የመጨረሻው እንደሚሆን አስታወቁ። እንደ ወትሮው ሦስት ቀን መሆኑ ቀርቶ አራት ቀን ሆነ። በሕይወት ሳለ ጠያቂ ያጣ ሰው ቀብሩ ላይ አገር እንደሚወጣለት፣ በኦገስት 2019 ለስንብቱ 10,215 ሰው መጣ። ካርቱኑም ሁለት ወር ያህል ቆይቶ 222ኛ ክፍሉ ላይ አበቃ። ከሲያትል ከተማ አጠገብ ኤቨርፍሪ ኖርዝዌስት የሚባለው ታናሽ ወንድሙ ግን ከዚያም በኋላ መሰብሰቡን አልተወም፤ ከክር ጅራት የሚሠሩትም ሥራ አልፈቱም።